«ሐኪሙ የት አለ?»



የኤርቱግሩልን ድራማ ያላየ ወጣት በመካከላችን ብዙ አይመስለኝም። እኔና ታናሽ ወንድሜ በፍላሽ እያመጣን ማታ ማታ እናየው ነበር። እኛን የሚያነቃን ሰይፍ ሲመዘዝና ፈረስ ሲጋልብ ነው። እናታችን ግን ቋንቋውን ሳታውቅ፣ ከሥር የሚያልፈውን ጽሑፍም ሳታነብ፣ ቡናዋን እያፈላች አንድ ሰው ብቻ ትከታተላለች። ገና ሲጀምር «ሐኪሙ የት አለ?» ትለናለች። አርቱክ ቤይን ማለቷ ነው።

አርቱክ ቤይን ታስታውሱታላችሁ። ቁስል የሚያስር፣ መድኃኒት የሚቀምም፣ ምክር ሲያስፈልግ የሚጠራ፣ ጦርነት ሲመጣ ደግሞ ሰይፉን የሚታጠቅ ረጋ ያለ ሰው ነው። ድል ሲገኝ የምናወራው ስለ ኤርቱግሩል፣ ስለ ቱርጉትና ስለ ባምሲ ነበር። ስለ እሱ የምታወራው እናቴ ብቻ ነበረች።

ያን ሁሉ ክፍል አይቼ የተዋናዩን ስም አላውቅም ነበር። ያወቅሁት መታመሙ ሲነገር ነው። ስሙ አይበርክ ፔክጃን ይባላል። በ1970 (እ.ኤ.አ.) የተወለደ ቱርካዊ ነው። ስለ እሱ ሳነብ በጣም ገረመኝ። በ2014 በፈረንሳይ የካን ፊልም ፌስቲቫል ትልቁን ሽልማት ባገኘው «የክረምት እንቅልፍ» ፊልም ውስጥ የሀብታሙን ሰው መኪና የሚነዳውን፣ ጉዳዩን ሁሉ የሚሯሯጥለትን ሂዳየትን ሆኖ ሠርቷል። በቀጣዩ ዓመት ለእይታ በበቃውና ለኦስካር በታጨው «ሙስታንግ» ላይ ደግሞ ወላጅ አልባ ልጆችን ቤት ዘግቶ የሚያስጨንቅ ጨካኝ አጎት ነው። እናቴ የምትወደው ያ የዋህ ፊት መሆኑን ማመን ያቅታል። በሁለቱም ፊልሞች ታሪኩ የሌላ ሰው ነው፤ እሱ ግን የተሰጠውን ቦታ አሳምሮ ይይዛል።

በ2021 ራሱ በማኅበራዊ ገጹ ላይ ሕመሙን ተናገረ። ለጀርባ ሕመም ብሎ ሐኪም ዘንድ ሄዶ የሳንባ ካንሰር እንዳለበት ተነገረው። በሽታው ጉበቱ ድረስ ተሰራጭቶ ነበር። ጥር 24 ቀን 2022 (እ.ኤ.አ.) በ51 ዓመቱ አረፈ። አላህ ይዘንለት።

ለእናቴ እንዴት እንደምነግራት ጨነቀኝ። በማግስቱ ማታ ቡና ላይ ነገርኳት። ጀበናውን አስቀመጠችና «ያን ሁሉ ሰው ሲያክም፣ እሱን ማን አየው?» አለች።

በድራማ ያለው ሐኪምና እውነተኛው ሰው እንደሚለያዩ ላስረዳት አፌን ከፈትኩ። ያኔ ነው እጇን ያየሁት። ወገቧን ይዛ ነበር የምትናገረው።

«እማ፣ ምንሽን ነው?»

«ድካም ነው፤ ተወኝ ልጄ።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

ዝም አለች። ስነዘንዛት ካለፈው ረመዳን ጀምሮ እንደሚያማት ነገረችኝ። ስምንት ወር! እኔ በየቀኑ አብሬያት እበላለሁ። ወንድሜ ጉንፋን ሲይዘው ዝንጅብል የምታፈላው፣ ጎረቤት ሲታመም ሾርባ ይዛ የምትሮጠው እሷ ናት። እሷን «አንቺስ?» ያላት ሰው አልነበረም።

በነጋታው እየተቆጣችኝም ቢሆን ሐኪም ቤት ወሰድኳት። የኩላሊት ጠጠር ሆኖ ተገኘ፤ ታክማ ድናለች፣ አልሐምዱሊላህ። የፈራሁት አልነበረም። ግን ሊሆን ይችል ነበር።

ወንድሞቼና እህቶቼ፣ የኤርቱግሩልን ጦረኞች ስም አንድ በአንድ መጥራት እንችላለን። ቤታችን ውስጥ ሁላችንንም የሚያስታምመውን ሰው ግን ምን እንደሚያመው አናውቅም። ዛሬ ማታ ጠይቁት። «አልሐምዱሊላህ፣ ደህና ነኝ» ብሎ ቢያልፈውም ደግማችሁ ጠይቁት።

አላህ በሽተኞቻችንን ይፈውስልን።