ያልጎበጠው መንገድ

አባቴ አሰብ ወደብ ላይ ክሬን ኦፕሬተር ነበር። ከሥራ ወጥቶ፣ ፀሐይዋ በረድ ስትል፣ እጄን ይዞ ወደ ባሕሩ ዳር ይወርዳል። አንገቱ ላይ ከአንድ መርከበኛ የገዛው ባይናኩላር አይጠፋም፤ ቆዳው የተላላጠ፣ የግራው መስታወት ጠርዙ ላይ የተጫረ። ጭነቱን አራግፎ የሚሄድ መርከብ ካለ እሱን እንሸኛለን። መጀመሪያ ሆዱ ይሰወራል፤ ቀጥሎ ነጩ ፎቅ፤ መጨረሻ ላይ የጭስ ማውጫው ብቻ ይቀርና እሱም ጥልቅ ይላል።

አንድ ቀን ደንግጬ «አባዬ፣ ሰመጠ እኮ!» አልኩት።

«አልሰመጠም ልጄ። ምድር ጎብጣ ነው የጋረደችን። እሱማ መንገዱ ላይ ነው» አለኝ።

ከባሕር ወለል 2 ሜትር ከፍ ብሎ ያለ ዓይን አድማሱን የሚያየው 5 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ እንደሆነ ያወቅሁት ብዙ ቆይቼ ነው። ያን ቀን የገባኝ ሌላ ነገር ነበር። ምድር ባትጎብጥ ኖሮ የሄደውን ሁሉ እናየው ነበር።

ሚያዝያ 1990 ዓ.ም. የኢትዮጵያና የኤርትራ ጦርነት ፈነዳ። በዚያው ዓመት እኛም እንደ ብዙዎቹ ጓዛችንን ጠቅልለን ከአሰብ ወጣን። 12 ዓመቴ ነበር።

አዲስ አበባ ገብቼ፣ ካደግሁ በኋላ፣ ከአንድ አሮጌ መጽሐፍ ነጋዴ ሽፋኑ የተገነጠለ «ሲልማሪሊየን» ገዛሁ። ደራሲው ቶልኪን ዕድሜውን ሙሉ ሲጽፈው ኖሮ ሳይጨርሰው በ1973 እ.ኤ.አ. አረፈ፤ ልጁ ክሪስቶፈር አሰናድቶ በ1977 አሳተመው። ስለ ኑመኖር ደሴት መጥፋት የሚተርከውን ክፍል ሳነብ አሰብ መጣችብኝ።

በዚያ ዓለም ምድር ስትፈጠር ዝርግ ናት። ከባሕሩ ማዶ፣ በምዕራብ ዳርቻ፣ እንደ ኤልፎች ያሉ ሞት የማያውቃቸው የሚኖሩባት አማን የምትባል አገር አለች፤ በመርከብም ይደረስባታል። የኑመኖር ሰዎች ግን ደሴታቸው ከዓይናቸው እስኪጠፋ ድረስ ወደ ምዕራብ እንዳይጓዙ ተከልክለዋል። እርጅና መጥቶበት ሞትን የፈራ አንድ ንጉሥ ክልከላውን ጥሶ በመርከብ ጦር ዘመተ። ያኔ ፈጣሪው ኢሉቫታር የዓለምን ቅርጽ ለወጠው። ኑመኖር ሰመጠች። አማን ከምድር ተነጠለች። ዝርግ የነበረችው ምድርም ጎብጣ ድቡልቡል ሆነች። ከዚያ ወዲያ ወደ ምዕራብ የተጓዘ ሰው ዞሮ ዞሮ የተነሳበት ይመለሳል።

እዚህ ላይ ቢያበቃ ኖሮ ረስቼው ነበር። ቶልኪን ግን አንድ ነገር ጨመረበት፤ ምድር ስትጎብጥ የድሮው መንገድ አብሯት አልጎበጠም። የተፈቀደለት የኤልፎች መርከብ ዛሬም ይሄድበታል። ጎባጣው ባሕር ከሥሩ ዝቅ እያለ ሲሸሽ፣ መርከቡ ቀጥ ብሎ፣ ሥጋ ለባሽ ያለ እርዳታ ሊቋቋመው የማይችለውን አየር አቋርጦ ያልፋል።

እርሳስና ወረቀት አንስቼ አሰላሁት። ከባሕር ዳር ተነስቶ ሳይጎብጥ የሚሄድ መስመር 100 ኪሎ ሜትር ሲጓዝ ከውሃው 785 ሜትር ገደማ ከፍ ይላል። 1,000 ኪሎ ሜትር ላይ 78 ኪሎ ሜትር ይደርሳል፤ እዚያ ለሳንባ የሚበቃ አየር የለም። ቶልኪን የኦክስፎርድ የቋንቋ መምህር እንጂ የፊዚክስ ሰው አልነበረም፤ ስሌቱ ግን ከተረቱ ጋር ገጠመልኝ።

ትልቅ ማዕበል አረንጓዴውን ምድር ሲውጥ በሕልሙ ደጋግሞ ያይ እንደነበር በደብዳቤዎቹ ጽፏል። በስተርጅና ግን ዝርግ ምድር የሚለው ነገር አላስተኛው አለ፤ ዓለሙን ከጅምሩ ድቡልቡል ለማድረግ አስቦ መጻፍ ጀምሮም ነበር። ሳይገፋበት በመቅረቱ ደስ ይለኛል። ከጥንቱ ድቡልቡል በሆነች ምድር ላይ የሚናፈቅ መንገድ ከየት ይመጣል?

ከሁሉ የማልረሳው ድንጋዩን ነው። ከኑመኖር ጥፋት ያመለጠው ኤለንዲል ሩቅ የሚያሳዩ ሰባት ድንጋዮች ይዞ ወጥቷል። ስድስቱ እርስ በርስ ይተያያሉ። አንዱ ግን ለብቻው ነው፤ ከባሕሩ አጠገብ ባለ ግንብ ውስጥ ተቀምጦ በቀጥተኛው መንገድ ወደ ምዕራብ ብቻ ያያል። ስደቱ ሲከብደው ኤለንዲል ወደዚያ ግንብ ይሄዳል።

አባዬም እንዲሁ ነበር። አዲስ አበባ በተከራየናት ቤት ባይናኩላሩን ግድግዳ ላይ በምስማር ሰቅሎት ነበር። እሑድ እሑድ አውርዶ፣ መስታወቱን በሸሚዙ ጫፍ ወልውሎ፣ መልሶ ይሰቅለዋል። አንድም ቀን አስጠግቶ ሲያይበት አላየሁም።

መስከረም 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ወደ አሰብ በሚወስደው መንገድ፣ ቡሬ ላይ፣ ድንበሩ ሲከፈት በቴሌቪዥን እያየ ነበር። ተነስቶ ባይናኩላሩን አወረደና ጭኑ ላይ አስቀመጠው። ምንም አልተናገረም። መንገዱ ብዙም ሳይቆይ ተዘጋ። አባዬም አሰብን ሳያይ አረፈ።

ባይናኩላሩ አሁን እኔ ጋ ነው። በቀደም ያንኑ ስሌት ለእኛ ቤት ሠራሁት። ከአሰብ ጠረፍ ተነስቶ ሳይጎብጥ የሚመጣ መስመር 620 ኪሎ ሜትር ገደማ ተጉዞ በአዲስ አበባ ሰማይ ላይ ያልፋል፤ ከባሕር ወለል 30 ኪሎ ሜትር ከፍታ ላይ።