ፈላስፋ ተብዬው የእንፍራንዝ ሊቅ

ከጎንደር ተነሥቶ ወደ ባሕር ዳር የሚወርድ መንገደኛ ጣናን በስተቀኙ ትቶ እንፍራንዝን ያገኛል። በአቅራቢያዋ በጉብታ ላይ የቆመው የጉዛራ ግንብ የዐፄ ሠርፀ ድንግልን ዘመን ያስታውሳል። እንፍራንዝን በውጭ ሊቃውንት ዘንድ ያስጠራት ግን ግንብ ሳይሆን አንድ መጽሐፍ ነው። ሐተታ ዘዘርዐ ያዕቆብ እንደሚተርከው፣ በአክሱም አካባቢ የተወለደው ሊቅ በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን ከተነሣው የሃይማኖት ሁከት ሸሽቶ በዋሻ ከከረመ በኋላ እንፍራንዝ ገባ። ሀብቱ በተባለ ባለጸጋ ቤት መዝሙረ ዳዊት እየጻፈ፣ ልጆችንም እያስተማረ ኖረ። በስተርጅናውም በ1667 እ.ኤ.አ. ስለ ፈጣሪ፣ ስለ ጸሎትና ለሰው ልጅ ስለ ተሰጠው ልቡና የመረመረውን ሁሉ፣ ደቀ መዝሙሩ ወልደ ሕይወት ቢለምነው ጻፈለት።

ለመሆኑ ይህ ሰው በእርግጥ ነበረን? ሙግቱ ከተነሣ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል። ይሁንና ሙግቱ የተሰማው በእንፍራንዝ አደባባይ፣ በዋርካ ጥላ ሥር አይደለም። ዳኞቹም፣ ምስክሮቹም፣ ጠበቆቹም በባዕድ ቋንቋ ሲነጋገሩ ባለጉዳዩ አገር ዳር ቆሞ ቀረ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጀርመናዊው ኤኖ ሊትማን የግዕዙን ጽሑፍ ከላቲን ትርጉም ጋር በ1904 እ.ኤ.አ. አሳተመ። በ1916 ደግሞ የዘርዐ ያዕቆብን ሐተታ ወደ ጀርመንኛ መልሶ በርሊን ላይ ሲያወጣ፣ «በሐበሻ አገር የነበረ ብቸኛ አሳቢ» የሚል መጠሪያ ሰጠው። አራት ዓመት እንዳለፈ ጣሊያናዊው ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ ተነሥቶ፣ መጽሐፉን የደረሰው በቤጌምድር ይኖር የነበረው የካፑቺን መነኩሴ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ነው አለ። ጽሑፉን አገኘሁ ብሎ ለፈረንሳዊው ሊቅ ለአንቷን ዳባዲ የላከው ይኸው መነኩሴ ነበርና። በ1934 የበርሊኑ ሊቅ ኦይገን ሚትቮህ ክሱን አጸና።

ሚትቮህ ለጽሑፉ የሰጠው ርእስ በአሥራ ሰባተኛው መቶ ዓመት ስለ ነበሩ የሐበሻ ፈላስፎች የሚናገር ነው። ነገር ግን «ፈላስፎች» ከሚለው ቃል አስቀድሞ አንዲት ቅጽል አስገብቷል፤ «አንጌብሊሽ» የምትል። መዝገበ ቃላት ብቻ ይዞ የመጣ አንባቢ ይህችን ቃል «የሚባሉት» ብሎ ሊያልፋት፣ እንዲያውም ለክብር የተነገረች ሊመስለው ይችላል። ጀርመንኛን አጣርቶ ያነበበ ግን በአማርኛ ትክክለኛ አቻዋን ያገኝላታል፤ «ተብዬ» ማለት ናት። ፈላስፋ ተብዬዎቹ! ፍርዱ ገና ከርእሱ ተሰጥቷል። በከፊል የተማረ ሰው መርገሙን ምርቃት አድርጎ ይዞት ሊሄድ ነው።

ጀርመንኛን ለንባብ መማር ለኢትዮጵያዊ የነገረ መለኮት ተማሪ የሚያስፈልገውም ስለዚህ ነው። ባዕድን ለመምሰል ወይም ለጌጥ አይደለም። መጽሐፈ ሄኖክ ሙሉ ሆኖ የተገኘው በግዕዝ ብቻ ነው፤ ሆኖም አውጉስት ዲልማን የግዕዙን ጽሑፍ በ1851፣ የጀርመንኛውን ትርጉም በ1853 ካወጣ ጀምሮ ብዙው ምርምር በጀርመንኛ ተጽፏል። በ1857 የታተመው የዲልማን የግዕዝ ሰዋስውም በዚያው ቋንቋ የተዘጋጀ ነው። የገዛ መጽሐፉ ምን እንደተባለ ለማወቅ የሚሻ ሊቅ በሌላ ሰው ቤት በር ማንኳኳት ግድ ሆኖበታል።

በሩ ግን የሚመስለውን ያህል የጠበቀ አይደለም። የግዕዝ ተማሪ ገበያ የሌለውን ቋንቋ መማር ለምዷልና። በግዕዝ ጨው የሚገዛ፣ መንገድ የሚጠይቅ የለም፤ ቢሆንም ተማሪው ቆሎውን ቆርጥሞ፣ ግሡን ገሥሦ፣ ከንባብ ቤት ወደ ቅኔ ቤት፣ ከቅኔ ቤት ወደ መጻሕፍት ቤት ይዘልቃል። ጀርመንኛን ለንባብ ብቻ መማር የዚሁ ድካም ወንድም ነው። ደግሞም የጀርመን ጸሐፊ በጥገኛው ሐረግ ግሡን ወደ መጨረሻ ይጥለዋል፤ እንግሊዛዊ በዚህ ሲጨነቅ፣ ማሰሪያ አንቀጹን እስከ ዓረፍተ ነገሩ ዳር በትዕግሥት መጠበቅ ለአማርኛ ተናጋሪ የእናት ቤት ልማዱ ነው። ረጃጅሞቹ ቃላትም ቢሆኑ ሲፈቱ ትምህርት ይሰጣሉ። ግዕዝ «ሥላሴ» የሚለውን ከሦስትነት ብቻ ሲያወጣው፣ ጀርመንኛ ግን «ድራይአይኒግካይት» ብሎ ሦስትንና አንድነትን በአንድ ቃል ይሰፋቸዋል። ምሥጢር ለማራቀቅ «አንድም» እያለ ያደገ ተማሪ እዚህ ላይ ቆሞ የሚያስበው አያጣም።

አገሩም ለዚህ ትምህርት እንግዳ አልነበረም። ከጎንደር ክፍል የወጡት ከንቲባ ገብሩ ደስታ በባዝል አጠገብ በቅድስት ክሪሾና ተምረዋል። ከእንፍራንዝ ብዙም በማይርቀው በይፋግ የተወለዱት አለቃ ታዬ ገብረ ማርያም ደግሞ በ1905 እ.ኤ.አ. ወደ በርሊን ሄደው በምሥራቃውያን ቋንቋዎች ትምህርት ቤት አማርኛ አስተምረዋል። ያ ሚትቮህ፣ ኋላ የእንፍራንዙን ሊቅ «ተብዬ» ያለው፣ በዚያ ዘመን ከይፋጉ ሊቅ ጋር የሠራ ሰው ነበር። አለቃ ታዬ በ1924 ዐርፈዋልና ፍርዱ ሲወጣ ቃላቸውን ሊሰጡ አልቻሉም።

በአሥራ ሰባተኛው መቶ ዓመት የነበረው ሥርዐት ይሻል ነበር። ሂዮብ ሉዶልፍ ስለ ኢትዮጵያ ከመጻፉ በፊት ከመካነ ሥላሴው ሰው ከአባ ጎርጎርዮስ ተምሯል፤ አባም በ1652 እ.ኤ.አ. እስከ ጎታ ድረስ ተጠርተው ሄደዋል። ያን ጊዜ ጠያቂውና ተጠያቂው በአንድ ገበታ ተቀምጠው ነበር።

የእንፍራንዙ ሙግት ዛሬም አልተዘጋም። ካናዳዊው ክሎድ ሰምነር በ1970ዎቹ እ.ኤ.አ. አዲስ አበባ ላይ ባሳተማቸው መጻሕፍት የከሳሾቹን ቃል አንድ በአንድ መርምሮ ደራሲው ኢትዮጵያዊ ነው ሲል ተከራከረ፤ ሌሎች ደግሞ ከእርሱ በኋላ የኮንቲ ሮሲኒን ሐሳብ አድሰው አንሥተዋል። በ2023 አንድ ኢትዮጵያዊ ከተርጓሚዎቹ መካከል ያለበት አዲስ የእንግሊዝኛ ትርጉም ወጥቷል፤ አሳታሚውም የበርሊን ድርጅት ነው።

«ያገሩን ሰርዶ ባገሩ በሬ» ይባላል። ሰርዶው ባሕር ተሻግሮ በበቀለ ጊዜ ግን በሬውም መሻገሪያውን መማር አለበት። ፍርዱ ወደ እንፍራንዝ ያጋድል ይሆናል፤ ወደ ኡርቢኖም ያጋድል ይሆናል። እውነት የማንም ወገን ዘመድ አይደለችምና ሊቁ ጀርመንኛን የሚማረው ለመርታት ብቻ ሊሆን አይገባም። የግዕዙን ብራና በአንድ እጁ፣ የበርሊኑን መጽሐፍ በሌላው ይዞ፣ ሁለቱንም በራሱ ዐይን አንብቦ፣ ከዚያ በኋላ «ነበረ» ወይም «አልነበረም» ለማለት የሚችል ሰው ከጎንደር ጉባኤ ቤቶች ሲወጣ፣ ያን ጊዜ ሙግቱ ባለቤቱ በተገኘበት ተሰማ ይባላል።