ስለ ጉራጌ ምድርና ስለ ሲኒማ ትምህርት

ከአዲስ አበባ በጅማ መንገድ 150 ኪሎ ሜትር ያህል የተጓዘ መንገደኛ ወልቂጤን ያገኛል። ደጋማው አገራችን በብዛት የተመሠረተበት ጥቁር ድንጋይ ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት እንደ ውሃ የፈሰሰ እሳት ነበረ፤ ዛሬ ግን እህልና እንሰት ይበቅልበታል።

እኛም ከወልቂጤ ተነሥተን የጉራጌን ተራራ ወደ ምሥራቅ ተሻግረን ወደ ቡታጅራ በወረድን ጊዜ ተራራው ከኋላችን እንደ ግንብ ቆሞ፥ ሜዳው ከፊታችን እንደ ቤት ወለል ተዘርግቶ አየነው። ይህ የታላቁ ስምጥ ሸለቆ ምዕራባዊ ዳር ነው። ምድሪቱ በዚህ ሸለቆ ግራና ቀኝ በዓመት 5 ሚሊሜትር ያህል ትራራቃለች፤ ይኸውም ጥፍራችን በሁለት ወር ከሚያድገው ያነሰ ነው።

ከቡታጅራ በስተ ደቡብ፥ በስልጤ አገር፥ ሐረ ሸይጣን የሚባል ክብ ሐይቅ አለ፤ ትርጓሜውም የሰይጣን ሐይቅ ማለት ነው። በአፋፉ ቆመን ስንመለከት አንድ እረኛ ልጅ ቀርቦ «ጋሼ፥ ሰይጣኑ ዛሬም ከውስጥ ነውን?» ሲል ጠየቀን። እኛም የቀለጠ ድንጋይ ከምድር በታች ካለው ውሃ ጋራ ቢገናኝ ውሃው በድንገት እንፋሎት ሆኖ፥ አፉ እንደ ተደፈነ ድስት ምድሪቱን እንዳፈነዳት፥ ጕድጓዱም ኋላ ውሃ እንደ ሞላው ነገርነው። ልጁ በትሕትና ሰማን፤ እንዳላመነን ግን ከዓይኑ አወቅን። ያላየውን ነገር በቃል ብቻ እንዴት ይመን?

ደግሞም በስሙ ልንሥቅ አይገባንም። የእሳተ ገሞራ ሊቅ የነበረው ሃሩን ታዚየፍ እንኳ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1959 ዓ.ም. የወጣውን ፊልሙን «የሰይጣን ቀጠሮዎች» ብሎ ሰይሞታል፤ ከ1967 ዓ.ም. ጀምሮም ከባልንጀሮቹ ጋራ አፋርን መርምሯል። በ2016 ዓ.ም. ደግሞ የፊልም ሠሪው ቬርነር ሄርዞግና የእሳተ ገሞራ መምህሩ ክላይቭ ኦፐንሃይመር ባንድነት በሠሩት ፊልም አፋርን ለዓለም አሳይተዋል። በሩቅ አገር ያለ ሕዝብም በቤቱ ተቀምጦ ምድራችንን ተመለከተ።

ነገር ግን ሲኒማ እሳት ወዳለበት መሮጥን ይወዳል። የቡታጅራ ተራራ አይነድም፤ ሥራው ዝግተኛ ነው። ይሁን እንጂ ዝናሙን ተቀብሎ ወደ ሜዳው ውሃ የሚሰድ እርሱ ነው፤ ጕድጓድ የሚቆፍርና ቤት የሚሠራም ሰው የምድሪቱን ስንጥቅ ማወቅ ያስፈልገዋል። የሚሊዮን ዓመቱን ሥራ በአንድ ደቂቃ ለዓይን ማሳየት የሚችል ደግሞ ተንቀሳቃሽ ሥዕል ነው።

ስለዚህ የምድርን ትምህርት የተማሩ ልጆቻችን ሥዕል ማንሣት ከሚያውቁት ጋራ ተባብረው፥ ይህን ታሪክ በጉራጊኛና በስልጢኛ ተርጕመው፥ በወልቂጤና በቡታጅራ አዳራሾች እንዲያሳዩ፥ ሥልጣንና ሀብት ያላቸውም እንዲረዷቸው እንመኛለን። ያ እረኛ ልጅ ያን ጊዜ መልሱን በዓይኑ ያገኛል፤ ሐይቁንም ከመፍራት ይልቅ መመርመር ይጀምራል።