የፈረንጅ ፍትፍት

በዚህች መጽሔት ገጽ ላይ ስለ ፑዲንግ የሚጽፍ ሰው ምን ነክቶት ነው የሚል አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ግጥሙ፣ አጭር ልብ ወለዱ፣ ሂሱ ተራውን እየጠበቀ፣ ማጀት ገብቶ ድስት ያማሰለ ወንድ ልጅ ይህን ያህል ገጽ ይፍጅ? ይፍጅ ነው የምለው። ስለ ረኀብ የሚያወሳ ግጥም ሞልቶናል። ጥርስ የሌላት፣ ሆዷ ምግብ የማይችል፣ ጾሜን አልገድፍም ያለች አንዲት አሮጊት ምን ብትቀምስ ነፍስ ትዘራለች ለሚለው ጥያቄ ግን ከግጥሞቻችን አንዱም መልስ የለውም።

ከምናውቀው እንጀምር፤ ከዳቦ። ጠዋት ከሻይ ጋር ከሚታደለን ዳቦ ግማሹን በልቶ ግማሹን ኪሱ ያልከተተ ተማሪ ካለ እጁን ያውጣ። ማታ ላይብረሪ አምሽተን ስንመለስ ለሚመጣው ረኀብ መያዣ ነው። አንዳንዴ ግን ረኀቡ ሳይመጣ ይቀርና ዳቦው ሎከር ውስጥ ከካልሲና ከሌክቸር ማስታወሻ ጋር ይሰነብታል። በሦስተኛው ቀን ጠረጴዛ ላይ ብታንኳኩት ድምፅ ይሰጣል። ያኔ ምርጫው ሁለት ነው፤ መጣል ወይም በሻይ መንከር። ዳቦ መጣል ነውር ስለሆነ እንነክረዋለን። እንግዲህ ፑዲንግ የሚባለው ነገር፣ ስሙ ባያስፈራን ኖሮ፣ ከዚህ ብዙ አይርቅም። ሌላ ነገር ተጨምሮበት የበሰለ የራሰ ደረቅ ዳቦ ነው።

አገሩ እንግሊዝ ነው። ሐና ግላስ የተባለች ሴት እ.ኤ.አ. በ1747 ባሳተመችው የወጥ ቤት መጽሐፍ ውስጥ የዳቦ ፑዲንግ አሠራር ይገኛል። ነገሩ ዳቦ ማዳኛ ነው፤ የተረፈ እንዳይጣል። ኋላ ግን ጓዳው ሲሞላ ድስቱም ሞላ። ዳቦው እየተቆረጠ ቅቤ ይቀባል፣ በወተትና በክሬም ይርሳል፣ አራት አምስት እንቁላል ይመታበታል፣ ዘቢብ ይነሰነስበታል፣ ተጋግሮ ሲወጣ ደግሞ ሌላ ክሬም ይፈስበታል። የአንድ ብር ዳቦ ለማዳን የመቶ ብር ዕቃ ይወጣል ማለት ነው። (የዘቢብ ነገር ከተነሣ፣ እዚህ አገር ዘቢብ ክብሩ ቤተ ክርስቲያን ነው፤ የቅዳሴው ወይን የሚጨመቀው ከእርሱ ነው። ለአያቴ ዘቢብን በጣፋጭ ምግብ ውስጥ ማስገባቱ ራሱን የቻለ ክርክር ነበረው።)

ቀለል ያለውን መልክ ያገኘሁትም እዚያው እንግሊዝ ነው፤ አሠራሩን ማለቴ ነው እንጂ እኔስ ከደብረ ብርሃን ወዲያ አልፌ አላውቅም። የበጋ ፑዲንግ ይሉታል። ስስ የዳቦ ቁራጮች በጎድጓዳ ሳህን ውስጥ ዙሪያውን ይደረደራሉ። መካከሉ በጥቂት ስኳር እሳት ላይ ለብ ብሎ ጭማቂውን ባወጣ እንጆሪና እንጆሪ መሰል ፍሬ ይሞላል። በዳቦ ይከደንና ክብደት ተጭኖበት ያድራል። ሲነጋ ሳህኑ ሲገለበጥ ዳቦው ጭማቂውን ሁሉ ጠጥቶ ቀይ ሆኖ ይወጣል። ወተት የለ፣ እንቁላል የለ፣ ክሬም የለ። በ19ኛው መቶ ዓመት ስሙ «የውሃ ሕክምና ፑዲንግ» ነበር። በውሃ መታከሚያ ቤቶች ውስጥ፣ ቅባት የበዛበት ኬክ ለተከለከለ በሽተኛ ይቀርብ ስለነበር ነው።

ይህን ያነበብሁ ዕለት መጽሐፉን አጠፍሁና «ይሄ እኮ የጾም ምግብ ነው!» አልሁ። ሰሚ አልነበረኝም፤ የዶርም ጓደኛዬ ተኝቷል። በክርስቲያን ዓለም ዳቦና ጾምን ያገናኘሁ የመጀመሪያው ሰው እኔ አይደለሁም። ሜክሲኮዎች ካፒሮታዳ የሚሉት የዳቦ ፑዲንግ አላቸው፤ በሁዳዴያቸው የሚበላ፣ ቀረፋና ዘቢብ የገባበት፣ በጥቁር ስኳር ሽሮፕ የራሰ። ላዩ ላይ ግን አይብ ይጨምሩበታል። አያቴ ይህን ቢሰሙ «የምን ጾም ነው እሱ?» ማለታቸው አይቀርም።

ወደ አያቴ ልመለስ፤ ነገሩ ሁሉ ስለሳቸው ነውና። በ2016 ዓ.ም. ዐቢይ ጾም መጋቢት 2 ቀን ሲገባ ከአንድ ወር ሕመም መነሣታቸው ነበር። ዕድሜያቸው ሰማንያ ሁለት። ሐኪሙ ወተት፣ እንቁላል፣ የሥጋ ሾርባ አዘዘላቸው። የነፍስ አባታቸውም መጥተው በሽተኛ አይገደድም፣ ይብሉ አሏቸው። አያቴ ሁለቱንም በጽሞና አዳመጡና፣ «እርስዎ ቢፈቱኝ ሆዴ አይፈታኝም፣ አባ» ብለው ጾሙን ያዙ። ሃምሳ አምስት ቀን! የሥራ ቀን በሆነ ቁጥር እስከ ዘጠኝ ሰዓት ውሃ አይቀምሱም። ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ደግሞ ሽሮው ያቃጥላቸዋል፣ ምስሩ ይነፋቸዋል፣ እንጀራው ይኮመጥጣቸዋል። የሚወርድላቸው በሻይ የራሰ ዳቦ ብቻ ሆነ። በሁለተኛው ሳምንት የጋብቻ ቀለበታቸው ከጣታቸው እየወለቀ ስላስቸገረ እናቴ በክር ጠምጥማ አጠበበችላቸው።

ቤታችን ውስጥ ሁለት ወገን ተፈጠረ። አጎቴ ወተቱን ሻይ ውስጥ፣ እንቁላሉን ዳቦ ውስጥ ደብቀን እንስጣቸው የሚል ሐሳብ አመጣ። እናቴም ወደዚያው አዘነበለች፤ በእንባ የታጀበ ማዘንበል ስለነበር ለመቃወም ያስቸግራል። እኔ ግን አልወደድሁትም። ሳያውቁ የተገደፈ ጾም ጾም ነው ወይስ አይደለም የሚለውን ለሊቃውንቱ እተዋለሁ። አያቴ ግን አጭበርባሪ ነጋዴም፣ አዛዥ ባለሥልጣንም፣ ባልም ቢሆን አታሏቸው የማያውቅ ሴት ናቸው። በሰማንያ ሁለት ዓመታቸው የወለዷቸው ልጆች ሊያታልሏቸው አይገባም። «ታዲያ አንተ ምን ታመጣለህ?» አለኝ አጎቴ። ፑዲንግ አመጣለሁ ብል ኖሮ ከቤት ያስወጣኝ ነበር። «ዓርብ ከሰዓት ክፍል የለኝም፤ ማጀቱን ልቀቁልኝ» ብቻ አልሁ።

እንግዲህ አሠራሩ።

ዳቦው የሦስት ቀን ይሁን። ይህ ቁጠባ ብቻ አይደለም፤ ምክንያት አለው። ዳቦ የሚደርቀው ውሃው ተንኖ ብቻ እንዳይመስላችሁ። በውስጡ ያለው ስታርች ሲጋገር ከለሰለሰ በኋላ፣ ውሎ ሲያድር እንደገና እየተሰደረ ይጠጥራል። (ዳቦ ፍሪጅ ውስጥ ሲገባ ቶሎ የሚጠጥረውም በዚሁ ምክንያት ነው፤ ፍሪጅ ያላችሁ ወገኖች ልብ በሉ።) ትኩስ ዳቦ ብትነክሩ ይሟሟና ገንፎ ይሆናል። ደረቁ ግን ፈሳሹን ጠጥቶም ቅርጹን አይለቅም። አራት ትንንሽ ዳቦ፣ ማለት ሦስት መቶ ግራም ያህል፣ አውራ ጣት በሚያህል መጠን ቆረስሁ። ለጥርስ አልባ ሰው ጠርዙን መላጥ ደግ ነው።

በወተት ፈንታ ሻይ። ግማሽ ሊትር ቀጠን ያለ ሻይ፣ አንድ ስንጥር ቀረፋ፣ ሦስት ፍሬ ቅርንፉድ፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ስኳር። ከዚህ በላይ ስኳር አያስፈልግም፤ ጣፋጩን የሚያመጣው ሙዙ ነው። ልጣጩ ጠቃጠቆ ያወጣ፣ ጉልት ላይ በርካሽ የሚጣል ሦስት የአርባ ምንጭ ሙዝ በሹካ ደፈጠጥሁ። ሙዝ ሲበስል ስታርቹ ወደ ስኳር ስለሚለወጥ፣ ለዓይን የማያምረው ለምላስ ይሻላል። ግማሽ ፓፓያ በትንንሹ ተከትፎ ገባ፤ እፍኝ ዘቢብም (ክርክሩን ረትቻለሁ)፤ የሎሚ ልጣጭም ተፍቆ።

የቀረው እንቁላሉ ነው። እንቁላል በፑዲንግ ውስጥ ሥራው ማያያዝ ነው። ያለ እርሱ ድስቱ ሲገለበጥ ሁሉም ይበተናል። ፈረንጆቹ ጋ መልስ ስፈልግ ቆይቼ መልሱ አያቴ ጓዳ ውስጥ በማሰሮ ተቀምጦ አገኘሁት፤ ተልባ! ሁለት ማንኪያ የተፈጨ ተልባ በስድስት ማንኪያ ለብ ያለ ውሃ በጥብጣችሁ ሩብ ሰዓት ተዉት፤ እንደ እንቁላል ነጩ ይዝለገለጋል። የሁለት እንቁላል ሥራ ይሠራል። ሆድ ድርቀት ላስቸገረው አዛውንትም ተልባ ምን እንደሚያደርግ እዚህ አገር ያደገ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ አላብራራም።

ሁሉም ተደባልቆ ግማሽ ሰዓት ይረፍ፤ ዳቦው ይጠጣ። ምድጃችን ኦቨን የለውም። የብዙዎቻችሁም የለውም። ስለዚህ እንደ እንፋሎት ዳቦ አደረግሁት። ትንሽ ድስት ውስጥ ኮባ አንጥፌ ድብልቁን ጨመርሁና፣ ጥቂት ውሃ በያዘ ትልቅ ድስት ውስጥ አስቀመጥሁ። ክዳኑን በንጹሕ ጨርቅ ጠቀለልሁ፤ ላቡ እንዳይንጠባጠብበት። አርባ አምስት ደቂቃ። በመካከሉ አጎቴ ሁለት ጊዜ መጥቶ አሸተተ። ምንም አላለም፤ ግን ሁለት ጊዜ ነው የመጣው።

ከዘጠኝ ሰዓት ጥቂት አለፍ ሲል ለብ እንዳለ ቆርሼ አቀረብሁላቸው። አያቴ ሳህኑን አዙረው አዩት።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ፑዲንግ ይባላል፣ እማማ።»

«ፉድን?»

«የፈረንጅ ነው።»

ሳህኑን ከፊታቸው ገፋ አደረጉት። «እንቁላል አለው?»

«የለውም።»

«ወተት?»

«የለውም።»

«በጊዮርጊስ በልልኝ።»

«በጊዮርጊስ። ዳቦና ሙዝ፣ ፓፓያ፣ ሻይና ተልባ ነው። ተልባውም ከመታመምዎ በፊት ራስዎ የቆሉት ነው።»

ትንሽ አሰቡ። ከዚያ ሳቁ። «ታዲያ ፍትፍት ነው አትለኝም! ፉድን እያለ ያስፈራራኛል እንዴ!» ብለው አማተቡና በጣታቸው ቆንጠር አደረጉ። ማንኪያውን አልነኩትም፤ ፍትፍት በማንኪያ አይበላማ። የቆረስሁላቸውን ጨርሰው ሳህኑን መለሱልኝና «ከታች ያለው ይሻላል፣ ርሷል» አሉ። ልክ ነበሩ፤ ከዚያ ወዲያ አንድ ስኒ ሻይ እጨምራለሁ።

ተአምር ተሠራ አልልም። ክሩ ከቀለበቱ ላይ ለፋሲካም አልተፈታም። ነገር ግን ከዚያ ዓርብ ጀምሮ እናቴ አሠራሩን ስለያዘችው፣ አያቴ ጾማቸውን ሳይገድፉ፣ እኛም ሳናታልላቸው ሚያዝያ 27 ቀን ደረስን። የወተቱ ደባ ዳግመኛ አልተነሣም። አንድ ጊዜ ጎረቤታችን ለምን ቀላል ምግብ ብቻ እንደሚበሉ ሲጠይቋቸው፣ «ቀላል ያልሽው ለሆድ ነው፤ ለሠሪው መች ቀለለ፤ ልጁ ሦስት ሰዓት ማጀት ይቆማል» ሲሉ ሰምቻለሁ። ግማሽ ሰዓቱ ማረፊያ፣ አርባ አምስት ደቂቃው ለእሳት እንደሆነ አላረምኋቸውም።

ለፋሲካ የፍስኩን ሠራሁላቸው፤ ለማይጾሙ ወገኖችም ይጠቅም ይሆናል። በሻይ ፈንታ ግማሽ ሊትር ወተት፣ በተልባ ፈንታ ሁለት እንቁላል፤ ቅቤና ክሬም አሁንም የለም። እዚህ ላይ አዲስ አበባ ታግዘናለች። እንቁላል የተመታበት ወተት ከ70 እስከ 80 ዲግሪ ሙቀት ላይ ይረጋል፤ በጣም ከሞቀ ይበጣጠሳል፣ ውሃውም ይለያል። በኛ ከፍታ፣ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ፣ ውሃ በ92 ዲግሪ አካባቢ ስለሚፈላ እንፋሎቱ ከባሕር ዳርቻ ሰዎች እንፋሎት ይለዝባል። ባቄላ ስንቀቅል የምንረግመው ከፍታ ለፑዲንግ መልካም ሆነ ማለት ነው። ፓፓያውን ግን ከወተት ጋር ጥሬውን አታገናኙት፤ ፕሮቲን የሚያፈርስ ነገር ስላለው ወተቱን ያመርረዋል። መጀመሪያ ለብቻው ይንተክተክ፣ ወይም በማንጎ ይተካ።

አያቴ የፍስኩን ቀምሰው ጥሩ ነው አሉ። ቀጥለውም የዶሮውን ወጥ እንዳቀርብላቸው ጠየቁኝ። «ይሄ ለጾም ነው የሚሆነው፤ በፋሲካ ማን ፍትፍት ይበላል» አሉ።

አሁን ቅዳሜ ቅዳሜ ቤት ስገባ ሞሰቡ ሥር በነጠላ ቁራጭ የተጠቀለለ ደረቅ ዳቦ ይቆየኛል። አንዳንዱ አምስት ቀን ይሆነዋል። እኔም ከሎከሬ የሰበሰብሁትን እጨምርበታለሁ። የዶርም ጓደኞቼም ይህን ካወቁ ወዲህ የየራሳቸውን ትራፊ በፌስታል አድርገው አልጋዬ ላይ ያስቀምጡልኛል፤ እሑድ ማታ ስመለስ ደግሞ በር ላይ ቆመው ይጠብቁኛል።