አብሾ ያሳየኝ አገር

ከምናገረው ግማሹ በዓይኔ ያየሁት ነው፤ ግማሹን ጓደኞቼ ነገሩኝ። ሁለቱ አይገጥሙም።

ከየጥኖራ ወጥቼ ቢቸና አካባቢ ቅኔ ስማር ነው፣ 1970ዎቹ ሊያልቁ ሲሉ። ከቅኔ ዓይነቶች ጉባኤ ቃናን ተሻግሬ ቀጥሎ ያለው ዘአምላኪየ ላይ ተገትሬያለሁ። ቃሉ ይመጣል፣ ቤቱ ይመታል፣ ምሥጢሩ ግን እንቢ ይላል። «አያ» የምንለው አንድ ታላቅ ተማሪ «ልቡናህን የሚከፍት ነገር አለኝ» ይለኝ ነበር። ቀልድ መስሎኝ ዝም እለዋለሁ። አንድ ማታ ለምነን ካመጣነው ቁራሽ ጋር በቅል ጠላ ሰጠኝ። መረረኝ፤ ጌሾው በዝቶ ነው ብዬ ጨለጥሁት።

አብሾ ነበረበት። አብሾ በየቅኔ ቤቱ በሹክሹክታ የሚነገርለት መድኃኒት ነው። የጠጣው ሰው አንዴ የሰማውን አይረሳም ይባላል፤ አረቄ ከቀመሰ ደግሞ ስንት ዓመት ቢያልፍም አብሾው ይነሣበታል፣ ያሳብደዋል ይባላል። አዋቂ ነኝ ባይ ሁሉ የራሱ ቅመማ አለው። የእኔው የተቀመመው ከአስተናግር ፍሬ ነበር፤ አጤ ፋሪስም ይሉታል። በየአጥሩ ሥርና በየፍግ ክምሩ የሚበቅል፣ አበባው ጡሩምባ የመሰለ፣ ፍሬው እሾሃም፣ ከብት እንኳ ሸትቶት የሚያልፈው ተክል ነው።

መጀመሪያ አፌ ደረቀ። ምራቅ ልውጥ ብል ጉሮሮዬ ተጣበቀ። ከዚያ የኩራዙ ብርሃን መስፋት ጀመረ፤ በዙሪያው አረንጓዴ ክብ፣ ከእሱ ውጭ ቀይ ክብ፣ ከቀዩም ውጭ ስም የማላውቅለት ሌላ ቀለም። የጎጆው ግድግዳ ሄደ፤ በቦታው አገር ቆመ።

የዚያ አገር ነዋሪዎች ፊደላት ናቸው። እግር አላቸው፣ ይሄዳሉ። ጥቁሮቹ ዝም ብለው ይሰለፋሉ፤ ቀዮቹ ሲናገሩ ግን የተናገሩት ይሆናል። «ውሃ» ሲሉ ወንዝ ይወርዳል፣ «ንጋት» ሲሉ ሰማዩ ቢጫ ይሆናል። አሁን ሳስበው ሕጉ የብራና ሕግ ነው፤ በብራናችን ላይ የፈጣሪና የቅዱሳን ስም በቀይ፣ የቀረው በጥቁር ይጻፋልና። ያኔ ግን ማን ያስባል! ከሞቱ ዓመታት ያለፏቸው አያቴ በቀዮቹ መካከል ተቀምጠው «ና፣ ተሻገር» አሉኝ። በእኔና በእሳቸው መካከል ሰማያዊ ሜዳ ተዘርግቷል። ተነሣሁ።

ሜዳው ገደል ነበር። ይህን የነገሩኝ ጓደኞቼ ናቸው። በእነሱ ወሬ ፊደልም ቀለምም የለም፤ ያለው ዓይኑ የፈጠጠ፣ ፊቱ የቀላ፣ ከአየር ላይ ክር የሚለቅም፣ ከማይታይ ሰው ጋር የሚያወራ፣ ደበሎውን ጥሎ በጨለማ የሚሮጥ ልጅ ነው። ከገደሉ አፍ ላይ ይዘው በመጫኛ አሰሩኝ። ጮኼ ተሳድቤያለሁ አሉ። አንዱንም አላስታውስም።

እስከ ዛሬ የሚያስፈራኝ ቀለሙ አይደለም። ሕልም ያየ ሰው አንዳንዴ በሕልሙ ውስጥም ይጠረጥራል። እኔ ውስጥ ግን የሚጠረጥር ሰው አልነበረም።

ሲነጋ ባላገሩ ተሰበሰበ፤ ዛር ነው ተባለ። ሔዋን ሠላሳ ልጆች ወልዳ፣ መልከ መልካሞቹን አሥራ አምስቱን ከፈጣሪ ብትደብቅ «እንደተደበቁ ይቅሩ» ተባለ፤ ዛሮች ከእነሱ ተወለዱ ይላል የአገሩ ተረት። ከእኛ ጎን የማይታይ አገር አላቸው፣ ሹማምንት አላቸው፣ እያንዳንዱም የሚወደው የዶሮ ቀለም አለው። እ.ኤ.አ. በ1932 ሚሼል ሌሪስ የሚባል ፈረንሳዊ ጎንደር ላይ መልካም አየሁ ከተባሉ ባለዛር ቤት ተቀምጦ ይህን ዓለም በሰፊው ጽፎታል። ለእኔም ገብስማ ይሁን ቀይ ሲከራከሩ አንዲት እማማ ቡና አፍልተው «ማን ነህ? ምን ትሻለህ?» ብለው ዛሩን ጠየቁት። መልስ የለም። ዛር ቢያንስ ይደራደራል፤ ዶሮውን፣ ሽቶውን ተቀብሎ ይለቃል። አስተናግር አይደራደርም።

የኔታ መጥተው አፌን አሸተቱ። «ይህ ዛር አይደለም፤ አንሡት» አሉ። በቃሬዛ ጤና ጣቢያ ወሰዱኝ። ጤና ረዳቱ ባትሪ አበራብኝ፤ የዓይኔ ብሌን አልጠበበም። ገላዬ ይፋጃል፣ ላብ ግን የለም። «ሽንቱን ከሸና ስንት ጊዜው ነው?» አለ። ማንም አላሰበውም ነበር። ፊኛዬ ተወጥሮ ስለነበር በቀጭን ጎማ አወጣልኝ፤ ገላዬን በእርጥብ ጨርቅ እያበረዱ አደሩ።

በኋላ እንደተማርሁት ተክሉ አትሮፒን፣ ስኮፖላሚንና ሃዮሳያሚን የሚባሉ ንጥረ ነገሮች አሉት። ነርቭ ለምራቅ፣ ለላብ፣ ለፊኛ የሚልከውን መልእክት ያግዱታል፤ ብሌን ይሰፋል፣ ልብ ይጋልባል፣ አእምሮ ይቃዣል። መጠኑ ከተክል ተክል ስለሚለያይ ትናንት አንዱን ያስፈነደቀ ስፍር ዛሬ ሌላውን ይገድላል። ያው አትሮፒን በሐኪም እጅ ሲሆን ዓይን ለመመርመር፣ የተባይ መድኃኒት የጠጣ ሰው ለማትረፍ ያገለግላል። የመለካት ጉዳይ ነው፤ ቅል ደግሞ መለኪያ የለውም።

እ.ኤ.አ. በ1676 ቨርጂኒያ ውስጥ ጀምስታውን ላይ የእንግሊዝ ወታደሮች የዚሁን ተክል ቅጠል ቀቅለው በሉ። አንዱ ላባ ወደ ሰማይ ሲነፋ፣ ሌላው ላባውን በገለባ ሲወጋ፣ አሥራ አንድ ቀን እንደ ሕፃን ሆነው ከርመው ሲነቁ ምንም አላስታወሱም ተብሎ ተጽፏል። ብዙዎቹ የዕፅዋት ሊቃውንት የተክሉ ትውልድ አሜሪካ ነው ይላሉ። እንዲያ ከሆነ «ከጥንት አባቶች የወረደ ጥበብ» እያሉ የሚያጠጡን ዕፅ ራሱ መጤ ነው።

ከነቃሁ በኋላ ከሳምንት በላይ ማንበብ አልቻልሁም። ማዶ ያለውን ዛፍ ቅጠሉን እለያለሁ፤ እጄ ላይ ያለው ዳዊት ግን ጭጋግ ነው። መድኃኒቱ ዓይንን ቅርብ ለማየት የሚያስተካክለውን ጡንቻ ያደነዝዛል። ከአንድ ገጽ አንድ ፊደል አልወጣልኝም። አያ አጥሚት እያመጣ አጠገቤ ያለቅስ ነበር። እሱም ጠጥቶታል፤ ቅኔውም ከዚያ የመጣለት ይመስለዋል። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ያለውን ነው ያካፈለኝ።

ዘአምላኪየ የመጣልኝ ከብዙ ወራት በኋላ ነው፤ ማታ ማታ የሌሎቹን እየሰማሁ፣ ሲነቅፉኝ እያረምሁ። ንጥረ ነገሩ በቀናት ውስጥ ከሰውነት ተጠርጎ እንደሚወጣ ለየጥኖራ ዘመዶቼ ስንቴ አስረድቻለሁ። ይሰሙኛል፣ ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። በፋሲካ ግን ሦስተኛው መለኪያ አረቄ ላይ ስደርስ ጠርሙሱን አንሥተው ጓዳ ያስገቡታል።