ደነባ፤ በበዓል የሚቆጠር ኑሮ

ከደብረ ብርሃን ወደ ምዕራብ ሲወጡ ጥቁር ሜዳ ይቀበልዎታል። ሰማዩ ሰፊ ነው፤ ነፋሱ ብርድ ያዘለ ነው፤ ዓይን የሚያርፍበት ተራራ አጠገብ የለም። በዚህ ሜዳ ላይ ከሩቅ ተለይቶ የሚታየው የቤተ ክርስቲያን ዛፍ ነው። ጽዱና ወይራው ክብ ሠርቶ በቆመበት ሁሉ ታቦት አለ፤ ታቦት ባለበት ደግሞ ዙሪያውን መንደር አለ። የሲያደብርና ዋዩ ወረዳ መቀመጫ የሆነችው ደነባ በእነዚህ አጥቢያዎች መካከል የተቀመጠች ትንሽ ከተማ ናት።

ከደነባ ወደ ሰሜን ምዕራብ ቢቀጥሉ የሞረትና ጅሩ ዋና ከተማ እነዋሪ ትገኛለች። ከዚያ ወዲያ ሜዳው ይቆረጥና ወደ ዓባይ የሚገብረው የጀማ ሸለቆ ይከፈታል። በሞረት የጻድቁ የአቡነ ዜና ማርቆስ ገዳም፣ ደብረ ብሥራት አለ። ምዕራቡን ይዞ የተጓዘ ደግሞ አቡነ ተክለ ሃይማኖት ከመሠረቱት ደብረ ሊባኖስ ይደርሳል። ምሥራቁ ላይ ያለችው ደብረ ብርሃን ራሷ በ15ኛው መቶ ዓመት በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ የተቆረቆረችው ከሰማይ ታየ በተባለ ብርሃን ምክንያት ነው፤ ንጉሡም እስኪያርፉ ድረስ ዙፋናቸውን እዚያው አጸኑ። ደነባ በእነዚህ ትልልቅ ስሞች መካከል ስሟ ብዙ አይነሳም። ከተማና ቤተ ክርስቲያን እንዴት አንድ ላይ እንደሚኖሩ ማየት የፈለገ ሰው ግን ወደ እሷ ቢመጣ አይቆጭም።

እንዲህ ያለው ኑሮ በሌላ አገርም አለ፤ በደቡብ ሕንድ ማዱራይ የምትባል ከተማ አለች። መካከሏ ላይ ትልቁ የሚናክሺ ቤተ መቅደስ ቆሟል፤ ዙሪያውን የከበቡት ጎዳናዎች የታሚል ሕዝብ ወራትን ስም ይዘዋል። በዓሉ በደረሰ ጊዜ ጣዖቱን የጫነው ሠረገላ በእነዚያ ጎዳናዎች ይጎተታል። በእምነቱ ከእኛ የራቀ ነው፤ የከተማ ኑሮን በቤተ እምነት ዘመን አቆጣጠር የመምራቱ ነገር ግን ለደነባ ሰው እንግዳ አይደለም።

ደነባ ላይ ቀን የሚጠራው በታቦት ነው። 12 ሚካኤል ነው፤ 16 ኪዳነ ምሕረት፣ 19 ገብርኤል፣ 21 ማርያም፣ 23 ጊዮርጊስ፣ 27 መድኃኔ ዓለም፣ 29 በዓለ ወልድ። ብድር የሚመለሰው «ለሚካኤል» ነው። የሽምግልና ቀጠሮ «ከማርያም ማግስት» ይያዛል። ሠርግ ከጥምቀት ወዲህ፣ ዐቢይ ጾም ሳይገባ ይደገሳል። ቄሱን መንገድ ላይ ያገኘ ሰው ባርኔጣውን አውልቆ «አባ ይፍቱኝ» ይላል፤ መስቀል ተሳልሞ «እግዚአብሔር ይፍታህ» ሲባል፣ ወሬው ቀጥሎ ስለ ዝናብና ስለ እህል ዋጋ ይሆናል።

ስለ ዝናብ መጨነቃቸው በምክንያት ነው። የዚህ አገር አፈር መረሬ ነው። ውሃ ሲጠግብ ያብጣል፣ እግርና ማረሻ ይይዛል፤ ሲደርቅ ደግሞ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ ይከፍታል። ክረምቱን ውሃ ስለሚተኛበት የዘሩት ስንዴ ሥሩ ይበሰብሳል። ስለዚህ የቀድሞው ገበሬ መሬቱን ደጋግሞ እያረሰ ይቆይና ዝናቡ ሊወጣ ሲል ምስር፣ ሽምብራና ጓያ ይዘራ ነበር፤ እነዚህ አፈሩ በያዘው እርጥበት ብቻ ያፈራሉ። በእነዋሪ በኩል ያሉት ገበሬዎች ሌላ ብልሃት ነበራቸው። ሴቶችና ልጆች በጭቃው ውስጥ ጎንበስ ብለው አፈሩን በእጃቸው እየዛቁ ከፍ ያለ መደብና ውሃ የሚወጣበት ቦይ ያበጁ ነበር። በ1970ዎቹ መጨረሻ አዲስ አበባ የነበረው የአፍሪካ ዓለም አቀፍ የእንስሳት ማዕከል ከኢትዮጵያ ተቋማት ጋር ሆኖ ይህን ሥራ በበሬ የሚሠራ መሣሪያ ሲያበጅ፣ እነዋሪ ከሙከራ ቦታዎቹ አንዷ ነበረች። መሣሪያው ሁለት ማረሻ አጣምሮ የተሠራ ነው፤ እስከ ዛሬ ቢቢኤም ይባላል፤ በእንግሊዝኛ «ሰፊ መደብ ሠሪ» የሚለው ስም ምህፃረ ቃል ነው። ውሃው ሲጠነፍፍ ስንዴው ቀደም ብሎ መዘራት ቻለ። ዛሬ በጥቅምት ይህን ሜዳ ያየ ሰው ኩታ ገጠም የስንዴ ማሳ እስከ አድማስ ተዘርግቶ ያገኛል።

ገበሬው ግን ሀብቱን እህል ብቻ አያደርግም። አካባቢውን በመላ አገሪቱ ያስጠራው የጅሩ ሰንጋ ነው። ነገሩ የሚጀምረው ከማሳው ነው፤ በሬው ክረምቱን አርሶ ሲጨርስ ከቀንበር ይፈታና ቤት ይገባል። ከዚያ በኋላ ለወራት ሥራው መብላት ብቻ ነው። የጤፍ ጭድ ይቀርብለታል፤ የምስርና የባቄላ ገለባ ይጨመርለታል፤ ጓያው ይከካል ወይም ይነከርና ይሰጠዋል፤ ከጠላው ጠመቃ የተረፈው አተላ የእሱ ድርሻ ነው። ሰው አዘውትሮ ቢበላው እግር የሚያሽመደምደው ጓያ ለበሬው ሥጋና ሞራ ይሆናል። የቤቱ እመቤት በጠዋት ተነስታ በእጇ ታጎርሰዋለች፣ ሥሩን ትጠርጋለች፣ ብርድ እንዳይመታው በሩን ትዘጋለች። የሰንጋው ስም የሚጠራው በአባወራው ነው፤ የድካሙ እኩሌታ ግን የእሷ መሆኑን ጎረቤት ሁሉ ያውቃል።

ገዥው ከመጣ በኋላ ያለው ሌላ ጥበብ ነው። መጀመሪያ ጥርሱን ያያል። ቀጥሎ ሻኛውን ይጨብጣል፣ የጎኑን ቆዳ ይቆነጥጣል፣ የጭራውን ሥር ይዳስሳል፤ ሞራው የት የት እንደ ተኛ እጁ ይነግረዋል። «ጋሼ፣ የመጨረሻውን ይንገሩኝ» ይላል፤ ሻጩ አይቸኩልም፤ ደላላው በመካከላቸው ይመላለሳል። ዋጋው ሲቆረጥ በሬው አይሱዙ ላይ ይወጣና ወደ አዲስ አበባ ይነዳል። በፋሲካ ሌሊት የከተማው ሰው ለቅርጫ ከሚካፈለው ሥጋ አንዳንዱ ከዚህ ሜዳ የሄደ ነው።

የቤተ ክርስቲያኑ አቆጣጠር የደነባን ኪስ የሚነካው እዚህ ላይ ነው። በዐቢይ ጾም 55 ቀን ከሥጋ ቤት ደጅ የሚደርስ የለም፤ ከዚያ በአንድ ሌሊት አገሩ በሙሉ ሥጋ ይፈልጋል። ፋሲካ ደግሞ ቀኑን ይለዋውጣል፤ በባሕረ ሐሳብ ስሌት ከመጋቢት 26 አይቀድምም፣ ከሚያዝያ 30 አያልፍም። አንድ ወር ከሚያልፍ ልዩነት ጋር በሬ ቀልቦ ማክረም ቀላል አይደለም፤ ቶሎ የሰባ መኖውን ይጨርሳል፣ የዘገየ ገበያው ያልፈዋል። ለዚህ ነው መስከረም 1 ቀን በቤተ ክርስቲያን የዓመቱ አጽዋማትና በዓላት ሲታወጁ ገበሬው ጆሮውን የሚሰጠው። ፋሲካ የሚውልበትን ቀን ይሰማና ወደ ኋላ ይቆጥራል፦ በሬው መቼ ከቀንበር ይፈታ፣ ጓያው መቼ ይከካ፣ ገዥው መቼ ይጠበቅ። ከገናና ከእንቁጣጣሽም ሽያጭ ያገኛል፤ የፋሲካው ግን ክረምቱን የሚያሻግረው ነው። ማዳበሪያው፣ ምርጥ ዘሩና የልጆች ልብስ የሚገዛው ከዚያ ነው።

በዓል የሰዉንም ዝምድና ያስራል። በጽዋ ማኅበር ዐሥራ ሁለት ያህል ቤተሰብ በወር አንድ ቀን በጻድቁ ወይም በመልአኩ ስም ይሰበሰባል። ጽዋው በየተራ ከቤት ወደ ቤት ይዞራል፤ ተረኛው ጠላና ዳቦ ያሰናዳል፤ ቄሱ ይባርካል፤ የተጣላ ካለ ሳይታረቅ ጽዋ አይጠጣም። በሰንበቴ ደግሞ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ለነዳያንና ለእንግዳ ምግብ ይቀርባል። የአብነት ተማሪውም ድርሻውን ያገኛል። ከሩቅ አገር ዳዊቱንና አቁማዳውን ይዞ የመጣው ልጅ «በእንተ ስማ ለማርያም» ብሎ ደጅ ሲቆም፣ ደነባ ባዶ እጁን አትመልሰውም።

ጥምቀት የዓመቱ ጫፍ ነው። ጥር 10 የከተማውና የዙሪያው ታቦታት ወደ ባሕረ ጥምቀቱ ይወርዳሉ። ገጠሬው በፈረስ፣ በጋሪና በእግር ይመጣል፤ ሴቶች ነጭ ቀሚስ ይለብሳሉ፤ ወጣቱ ከታቦት ፊት ይጨፍራል። ሌሊቱ በማኅሌት ይታደራል፤ 11 ጠዋት ውሃው ተባርኮ ይረጫል፤ 12 ቃና ዘገሊላ የሚካኤል ታቦት ይገባል። የተጋቡ ሰዎች «የተያየነው ጥምቀት ላይ ነው» የሚሉት በከንቱ አይደለም። በ2012 ዩኔስኮ በማይዳሰስ ቅርስነት የመዘገበው ይኸው በየሜዳው የሚከበር በዓል ነው።

በዓሉ በዛ፣ ሥራ ተፈታ የሚል ክስ ከጥንት አለ። መረሬ መሬት ላይ አንድ ቀን ማለፉ ጉዳት እንዳለው ከገበሬው በላይ የሚያውቀው የለም። እሱም መንገዱን አበጅቷል። በበዓል ማረስና ማጨድ ይተዋል እንጂ ከብት ይቀልባል፣ አጥር ያጥራል፣ ዕርቅ ይቀመጣል፣ የእድር ሒሳብ ይዘጋል። በማግስቱ ደግሞ ደቦ ጠርቶ የቀረውን ያነሳል። በዓሉ ሰዉን ባያሰባስበው ኖሮ ደቦውም አይኖርም ነበር።

ደነባን የሚጎዳት በዓሉ ሳይሆን የመንገድ መዘጋት ነው። ከ2015 መጨረሻ ጀምሮ አማራ ክልልን የያዘው ግጭት ካልቆመ፣ የሰባ በሬ ገዥ አጥቶ መኖውን ይጨርሳል፤ ገበሬውም ማዳበሪያ ሳይገዛ ክረምት ይገባበታል። ስለዚህ ለደነባ ከሁሉ በፊት የሚያስፈልጋት ሰላምና የተከፈተ መንገድ ነው። ብድር የሚሰጠው፣ ማዳበሪያ የሚያቀርበውና ስብሰባ የሚጠራውም ሁሉ ዕቅዱን ሲያወጣ የዚህን ሕዝብ አቆጣጠር በፊቱ ያኑር፤ የብድሩ መክፈያ ከፋሲካ በኋላ ቢሆን ገበሬው ሰንጋውን ሳይሰባ አይሸጠውም። ቤተ ክርስቲያኑን የከበበው ጽድና ወይራም በዚህ ሜዳ ከቀሩት ጥቂት የአገር ዛፎች አንዱ ነውና፣ ለማገዶ ተብሎ አንድ እንኳ እንዳይቆረጥ አጥቢያው ሁሉ ይጠብቀው።