ትርፍ ሰዓት፣ ትርፉ የማን?

ዛሬም «ቋሚና የትርፍ ሰዓት መምህራን እንፈልጋለን» የሚል የኮሌጅ ማስታወቂያ ወጣ፣ ዛሬም ያው ክርክር ተነሣ። የሚያናድደኝ «ፓርት ታይመር እኮ ሠራተኛ አይደለም፣ ኮርስ ይዞ አስተምሮ የሚሄድ ነው» የሚለው አባባል ከኮሌጆቹ አስተዳደር ይልቅ ከመምህራኑ አፍ መብዛቱ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 እንዲህ አይልም። አንቀጽ 4 የሚጠይቀው አንድ ሰው በአሠሪው መሪነት ሥር ሆኖ በደመወዝ ለመሥራት መስማማቱን ነው፤ ስንት ሰዓት ብሎ አይጠይቅም። አንቀጽ 9 ደግሞ የሥራ ውል ላልተወሰነ ጊዜ እንደተደረገ ይቆጠራል ይላል። ከዚህ የሚወጡት በአንቀጽ 10 ተዘርዝረዋል፤ «በሳምንት 6 ሰዓት ብቻ የሚያስተምር» የሚል እዚያ ውስጥ ፈልጋችሁ አታገኙም።

ኮሌጆቹ መከራከሪያ የላቸውም ማለቴ አይደለም። ጠንካራው አንቀጽ 3 ላይ ያለው ነው፦ በራሱ የሙያ ኃላፊነት በዋጋ የሚሠራን ሰው አዋጁ አይመለከተውም። ጠበቃ ወይም ሒሳብ መርማሪ ሲሆን ይገባኛል። መምህሩን ግን እስቲ እንየው። መርሐ ግብሩን የሚያወጣው ኮሌጁ፣ የኮርሱን ይዘት የሚሰጠው ኮሌጁ፣ ክፍሉ የኮሌጁ፣ ተማሪው የኮሌጁ፣ ግሬድ የሚገባበትን ቀን የሚቆርጠው ሬጅስትራር። የመምህሩ የራሱ የሆነው ማርከሩ ብቻ ነው (እሱም ከስቶር ስለሚጠፋ)። ሁለተኛው መከራከሪያ ሥራው በሴሚስተር የሚመላለስ ነው የሚለው ነው። እሺ፣ በየዓመቱ የሚደጋገም ወቅታዊ ሥራ አንቀጽ 10 ውስጥ ስላለ ውሉ የተወሰነ ጊዜ ሊሆን ይችላል እንበል። የተወሰነ ጊዜ ውልም ግን የሥራ ውል ነው! ዓመት ፈቃዱም፣ በሥራ ላይ ለሚደርስ ጉዳት የሚከፈለው ካሣም በዚያው አይቀርም። «ሌላ ቦታ ቋሚ ነው፣ ጡረታውም እዚያ አለ» ለሚሉት ደግሞ፣ ሕጉ የሚመዝነው ግንኙነቱን እንጂ የሰውየውን ሌላ ኪስ አይደለም።

ቆይ፣ ይሄ «ትርፍ ሰዓት» የሚባለው ስም ራሱስ ማን ያወጣው ነው? በአዋጁ የትርፍ ሰዓት ሥራ ማለት ከመደበኛው ሰዓት በላይ የተሠራ ሥራ ነው፤ ክፍያውም እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት 1.5 እጥፍ፣ ሌሊት 1.75፣ በሳምንት ዕረፍት ቀን 2፣ በበዓል 2.5 ነው። እንግዲህ የኤክስቴንሽን ክፍል ማታ፣ የቅዳሜና እሑዱ በዕረፍት ቀን፣ መምህሩም በማስታወቂያ ላይ «የትርፍ ሰዓት» ተብሎ የተጠራ! ስሙን ወስደው ማባዣውን ተዉት። መደበኛ ሰዓት የሌለው ሰው ትርፍ ሰዓት እንደማይኖረው አውቃለሁ፣ የሕግ ሰዎች አትቆጡ። የምለው፣ ስሙ ሥራውን የተረፈ ነገር ያስመስለዋል፤ ለተረፈ ነገር ደግሞ ዓመት ፈቃድ ማን ይጠይቃል?

«በሰዓት ለሚከፈለው ሰው ዕረፍት እንዴት ይሰላል?» የሚለው ጥያቄ ግን እውነተኛ ነው። በእንግሊዝ የቤድፎርድ አንዲት የሳክስፎንና ክላርኔት መምህርት ጉዳይ እ.ኤ.አ. በ2022 እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ደርሷል። አሠሪዋ የዓመት ዕረፍት ክፍያዋን ካስተማረችበት ሰዓት 12.07 በመቶ አድርጎ ያሰላ ነበር፤ 5.6 የዕረፍት ሳምንት ለቀሪው 46.4 ሲካፈል ማለት ነው። እሷ ግን የምትሠራው ትምህርት ባለበት ሳምንት ብቻ ነበር። ፍርድ ቤቱ ሕጉ 5.6 ሳምንት ካለ 5.6 ሳምንት ነው፣ የሚባዛውም በሠራችባቸው ሳምንታት አማካይ ክፍያ ነው አለ። «ዓመቱን ሙሉ ከሚሠራው በንጽጽር የበለጠ ታገኛለች» ሲባልም፣ ሕጉ ይህን አይከለክልም ብሎ አለፈው። መንግሥት ግን ደንቡን ለወጠና እ.ኤ.አ. ከኤፕሪል 2024 ጀምሮ ለሚገቡ የፈቃድ ዓመታት 12.07ን መልሶ አመጣ። ሠራተኞቹ ተሸነፉ ትሉኝ ይሆናል። እኔ የማየው ሌላ ነው፦ በዚያ ሁሉ ክርክር መሐል የተጣሉት በስሌቱ ነው እንጂ «ፈቃድ ጭራሽ አይገባትም» ያለ የለም። እኛ ገና ስሌቱ ጋ አልደረስንም።

ኮሌጆች ወጪ ሲበዛባቸው የተማሪ ክፍያ ይጨምራሉ የሚለውንም አልክድም፤ ሊጨምሩ ይችላሉ። ዛሬ ያንን ወጪ የሚሸፍነው ግን መምህሩ ነው፣ ለዚያውም ሳይጠየቅ። ውል በጽሑፍ የለኝም የምትሉም፣ አሠሪው የሥራ ውሉን ዝርዝር የያዘ ደብዳቤ በ15 ቀን ውስጥ የመስጠት ግዴታ አለበት፤ ጽሑፍ አለመኖሩ መብታችሁን አያስቀርም። መብቱን የሚያስቀረው ጊዜ ነው። የደመወዝ ጥያቄ መከፈል ከነበረበት ቀን ጀምሮ በ6 ወር በይርጋ ይታገዳል፣ አሠሪው ዕዳውን በጽሑፍ ካላመነ በቀር። ሰኔ 25 መከፈል የነበረበት ታኅሣሥ 25 ላይ ያበቃል ማለት ነው። ፋይናንስ ደግሞ ምን ይላችኋል? «ከገና በኋላ ብቅ በሉ።»